ጥንዚዛውን አሙቅ፣ ትሉን አቀዝቅዝ

ቦታው ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ ነው። ወሩ ጥር፤ ውጭው በረዶ ለብሷል። ባለትሉ ጡረታ የወጡ ሰው ናቸው። ከቤታቸው ሥር ባለው ምድር ቤት የዱቄት ትል እያረቡ ጓሯቸው ለሚያርፉ የዱር ወፎች ይመግባሉ። ባለዶሮዋ የእህታቸው ልጅ ናት፤ ቢሾፍቱ ውስጥ 500 እንቁላል ጣይ ዶሮዎች አሏት። ልትጠይቃቸው መጥታ ሳለ መደርደሪያው ፊት ቆመው ያወሩት ነው።

ባለዶሮዋ፦ ጋሼ፣ እማዬ «ወንድሜ አሜሪካ ገብቶ ትል ያረባል» ስትል ቀልድ ነበር የመሰለኝ። ደግሞ አይሸትም! እኔ አፍንጫዬን ይዤ ነው ደረጃውን የወረድኩት።

ባለትሉ፦ ከሸተተ ተበላሽቷል ማለት ነው። ደህና ሳጥን ፉርሽካ ፉርሽካ ነው የሚለው፤ ዓይንሽን ብትጨፍኚ ወፍጮ ቤት ደጃፍ የቆምሽ ይመስልሻል። ድሮም ኑሮው እዚያው ነበር። ወፍጮ ቤትና የእህል መጋዘን ውስጥ ጨለማ ጨለማውን እየፈለገ የሚኖር ተባይ ነው። ስንት ዘመን ሲያባርሩት ኖረው አሁን በሳጥን ያረቡታል።

ባለዶሮዋ፦ ትል ይበሉት እንጂ የጥንዚዛ እጭ ነው አይደል?

ባለትሉ፦ ነው። ከእንቁላል ይፈለፈላል፤ እጭ ሆኖ እየበላ፣ ቆዳውን ደጋግሞ እየገፈፈ ያድጋል፤ ከዚያ መብላቱን ትቶ ፒዩፓ ይሆናል፤ ከፒዩፓው ጥንዚዛ ይወጣል። አንዲት ጥንዚዛ በሁለት በሦስት ወር ዕድሜዋ ከ250 እስከ 500 እንቁላል ትጥላለች። ይሄን ማንም ያውቀዋል፤ ሰው የሚሰናከለው ሌላ ቦታ ነው። አንድ ትልቅ ሳጥን ይገዛል፣ ትሉንም ጥንዚዛውንም እዚያው ይከታል። ሦስት ወር አራት ወር ቆይቶ ሳጥኑ ግጥም ይልለታል። ይደሰታል፣ ይበትናል፣ ለጎረቤት ሳይቀር ያድላል። ከዚያ በኋላ ደግሞ ሌላ ሦስት ወር ባዶ ፉርሽካ ሲያገላብጥ ይከርማል።

ባለዶሮዋ፦ ለምን ባዶ ይሆናል? ጥንዚዛው ሲጥል ከርሞ የለም እንዴ?

ባለትሉ፦ የጣለውን ራሱ ይበላዋላ! ፒዩፓውንም ትሉ ይበላዋል። ፒዩፓ አይራመድም፣ አይሸሽም፤ ሲነኩት ወገቡን ከማወዛወዝ ሌላ መከላከያ የለውም። አንድ ላይ ከተውሻቸው የነገውን ዘር የዛሬው ይጨርሰዋል። ከበላተኛ የተረፈውም ቢሆን ሁሉም በአንድ ሰሞን ያድግና በአንድ ሰሞን ያልቃል። እስቲ ልጠይቅሽ፤ ለፋሲካ የሚሸጥ የሥጋ ዶሮ ካሰብሽ ጫጩቱን መቼ ነው የምታስገቢው?

ባለዶሮዋ፦ ከበዓሉ ወደ ኋላ ቆጥሬ ነዋ። ለፈጣኑ ዝርያ ሁለት ወር ልተውለት። ዘገምተኛው ከሆነ የጫጩቱ ወረፋ ራሱ ከገና በፊት ነው የሚያዘው።

ባለትሉ፦ አየሽ፣ የምነግርሽን ቀድሞውኑ ታውቂዋለሽ። ልዩነቱ ወፍ ፋሲካ የላትም፤ በየቀኑ ነው የምትበላው። ስለዚህ እኔ በየሁለት ሳምንቱ «ጫጩት አስገባለሁ»። ጥንዚዛዎቹን አዲስ ፉርሽካ ላይ አደርጋቸዋለሁ። ሁለት ሳምንት ይጥላሉ። ከዚያ በወንፊት አንጠርጥሬ አወጣቸውና ሌላ አዲስ ፉርሽካ ላይ አዛውራቸዋለሁ። የቀድሞው ፉርሽካ እንቁላሉን እንደያዘ ቀን ተጽፎበት መደርደሪያው ላይ ይወጣል። ይኸውልሽ፣ ሳጥኑን ተይና የተለጠፈበትን ቀን አንብቢ።

ባለዶሮዋ፦ ይሄኛው የኅዳር መጨረሻ ይላል። ግን ምንም የለበትም።

ባለትሉ፦ ጠጋ በይና ዝም ብለሽ ፊቱን ተመልከቺው።

ባለዶሮዋ፦ ውይ! ፉርሽካው ራሱ ይንቀሳቀሳል።

ባለትሉ፦ ብዙ ሰው እዚህች ላይ ነው የሚሸነፈው። እንቁላሉ ደቃቅ ነው፤ ሲጣል ስለሚያጣብቅ ፉርሽካ ይለብሳል፣ በዓይን አይለይም። የተፈለፈለውም መጀመሪያ ከክር ብጣሽ አይበልጥም። ጀማሪው አንድ ወር ይጠብቅና «መከነ» ብሎ ለአትክልቱ ማዳበሪያ ያደርገዋል። ስንት ሺህ ነፍስ ነው አብሮ የሚደፋው! ጥንዚዛው ከወጣበት በኋላ ቢያንስ አንድ ወር ተኩል ወንፊት አይነካውም። ካሮት ጣል እያደረግሽ መተው ነው።

ባለዶሮዋ፦ እሺ፣ ተራው ገብቶኛል። ያልገባኝ ብርዱ ነው። እርስዎ ዘንድ ክረምቱ ይሄ ነው፤ ሙሉ ምድር ቤቱን ካሞቁት የመብራቱ ክፍያ ከወፎቹ ይብሳል።

ባለትሉ፦ ማን አሞቀው? እዚህ የቆምንበት 17፣ ግፋ ቢል 18 ዲግሪ ነው። ትሉ የሚወደው ከ25 እስከ 28 ዲግሪ መሆኑ እውነት ነው፤ መጽሐፉም ኢንተርኔቱም ይሄንኑ ይነግርሻል፤ ሰውም ይሄን ይሰማና ሂተር ሊገዛ ይሮጣል። እኔ የምልሽ ግን ሁሉም ዕድሜ እኩል ሙቀት አይፈልግም ነው። ሙቀት የግድ የሚያስፈልገው መጀመሪያው ነው፣ ጥንዚዛውና እንቁላሉ። በ26 ዲግሪ እንቁላሉ በሳምንት በአሥር ቀን ይፈለፈላል። ብርድ ሲሆን ጥንዚዛው መጣሉን ይቀንሳል፣ እንቁላሉም ይጎተታል፤ ወደ 15 ዲግሪ ከወረደ ጭራሽ ባይፈለፈል አይግረምሽ። ስለዚህ የጥንዚዛውን ሳጥን ብቻ እዚያ ውኃ ማሞቂያው ያለበት ጓዳ ውስጥ አስቀምጠዋለሁ። ለብቻው አንድም ሳንቲም አላወጣበትም።

ባለዶሮዋ፦ መካከለኞቹስ?

ባለትሉ፦ እዚህ መደርደሪያ ላይ ይቆያሉ። በጋ በአሥር በአሥራ ሁለት ሳምንት የሚደርሰው አሁን አምስት ወር ይፈጃል፤ ይፍጅ። በርከት ብለው ሲኖሩ ደግሞ ራሳቸው ይሞቃሉ። እጅሽን አስገቢበት፣ አይነክስም።

ባለዶሮዋ፦ እውነትም ሞቅ ይላል።

ባለትሉ፦ በሐምሌ ይሄው ሙቀት ጠላት ይሆናል። ሳጥኑ ከተጨናነቀና ፉርሽካው ጠለቅ ካለ ውስጡ ከክፍሉ በብዙ ዲግሪ ይበልጥና በአንድ ሌሊት ሙሉውን ይገድለዋል። ከአራት ጣት የበለጠ አላጠልቅም። አሁን ወደ ሌላው ጫፍ እንምጣ፤ ያቺን ትንሽ ፍሪጅ ክፈቻት።

ባለዶሮዋ፦ ለትል ፍሪጅ ገዙ!

ባለትሉ፦ መጀመሪያ ላይኛው ፍሪጅ በር ላይ ነበር የማኖረው። ባለቤቴ አንድ ቀን እንጀራ ልታወጣ ስትል የላስቲኩ ክዳን ተከፍቶ አገኘችው። በማግሥቱ ይቺ ተገዛች። ለነገሩ ይሻላል፤ የወጥ ቤቱ ፍሪጅ ከ3 እስከ 4 ዲግሪ ስለሆነ ይበርዳቸዋል፣ እነዚህ የሚስማማቸው 7 ወይ 8 ነው። የደረሰ ትል እዚያ ሲገባ አይሞትም፣ አይበላም፣ አያድግም፣ ፒዩፓም አይሆንም። ደንዝዞ ይቆይልሻል። በየሳምንቱ በየአሥር ቀኑ አንድ ቀን አውጥቼ ቁራሽ ካሮት ሰጥቼ እመልሰዋለሁ። እንዲህ እያልኩ ሁለት ወርም ከዚያም በላይ አቆየዋለሁ። አሁን በጥር የማበላው ትል ያደገው በመስከረምና በጥቅምት ነው።

ባለዶሮዋ፦ እንግዲያው ዘዴው ጥንዚዛውን ማሞቅ፣ የደረሰውን ማቀዝቀዝ ሆነ።

ባለትሉ፦ መሃሉን ደግሞ እንደፈቀደው መተው። አንድ ነገር ብቻ ልጨምር፤ ሱፐርዎርም የሚባል ትልልቅ የሌላ ጥንዚዛ ትል አለ፣ ሱቅ ውስጥ ጎን ለጎን ይሸጣሉ። እሱን ፍሪጅ ካስገባሽው ሬሳ ነው የምታወጪው።

ባለዶሮዋ፦ ውኃ የት ነው የሚሰጣቸው? ዕቃም አላየሁ።

ባለትሉ፦ ውኃ የለም። ከብርድ ይልቅ ትል የሚጨርሰው ውኃ ነው። ዕቃ ብታስቀምጪ ይሰምጣሉ፤ ፉርሽካውን ብታርሺው ይሻግታል። ርጥበቱን ከካሮትና ከድንች ነው የሚያገኙት። ቁርጡን በካርቶን ላይ አድርጌ አስቀምጣለሁ፤ ካርቶኑ ፉርሽካው እንዳይነካው ይጠብቃል። ሲደርቅ አነሳለሁ። ለስላሳ ሆኖ ካደረ ብዙ ሰጥቻለሁ ማለት ነው። ልኩ እንግዲህ እንደ ወቅቱ ነው። አሁን ሂተሩ ቤቱን እንደ ሸክላ አድርቆታል፣ በየሁለት ቀኑ እሰጣለሁ። በሐምሌ እዚህ አየሩ ወፍራም ነው፣ ትንፋሽ ያጥርሻል፤ ያኔ በሳምንት አንዴ ትንሽዬ ቁራጭ ትበቃለች።

ባለዶሮዋ፦ እኛ ጋ ግልባጩ ነው። ሐምሌና ነሐሴ ፉርሽካው ሳይበላ በማዳበሪያው ውስጥ ይሻግታል፤ በጥር ደግሞ ቀኑ ደረቅ፣ ሌሊቱ ብርድ።

ባለትሉ፦ ለዚህ ነው የእኔን የቀን መቁጠሪያ እንዳለ አትውሰጂው የምልሽ። ቢሾፍቱ ላይ የሚያሰጋሽ በረዶ አይደለም፣ ክረምቱ ነው። ርጥበት ሲበዛ ቅንቅን ይመጣል።

ባለዶሮዋ፦ የዶሮው ቅንቅን?

ባለትሉ፦ አይደለም፣ ይሄኛው የእህል ነው። እንደ ቡናማ አቧራ ሆኖ የሳጥኑ ጠርዝ ላይ ይታይሻል፤ ትኩር ብለሽ ስታዪው አቧራው ይሄዳል። ትሉን አይበላውም፤ ግን እህሉን ይሻማዋል፣ ሳጥኑን ይወርሰዋል፣ ጥንዚዛው ላይ ይሰፍራል። አንዴ ከገባ ማዳን የለም፤ ሳጥኑን ጠቅላላ አውጥቶ መጣል፣ ማጠብ፣ ማድረቅ። የሚከላከለው ሁለት ነገር ነው። አንደኛው ድርቀት። ሁለተኛው ፉርሽካው ሳይገባ በፊት መግደል፤ እኔ ሦስት ቀን ፍሪዘር ውስጥ አሳድረዋለሁ። ነቀዙም ብሉም እንቁላሉም አብሮ ያልቃል።

ባለዶሮዋ፦ እኔ ፍሪዘር ከየት አባቴ። መብራቱስ ይቆይልኛል?

ባለትሉ፦ ምጣድ የለሽም? ሳታሳርሪ እጅ እስኪፈጅ ድረስ አመስ አድርጊው፤ ሙሉው 60 ዲግሪ ከደረሰ በቂ ነው። እና አንድ ነገር እለምንሻለሁ፤ ፉርሽካውን ስትገዢ ስንዴው የነቀዝ መድኃኒት ነክቶት እንደሆነ ጠይቂ። ነቀዝን የሚገድል ትልሽን አይምርም፣ ሁለቱም ጥንዚዛ ናቸው።

ባለዶሮዋ፦ ፒዩፓውን ታዲያ እንዴት ነው የሚለዩት? አንድ በአንድ?

ባለትሉ፦ አንድ በአንድ፣ ማታ ማታ፣ ዜና እየሰማሁ። ዘዴኛ ሰው ድንች ያኖራል፤ ትሉ ድንቹ ላይ ይሰበሰባል፣ ፒዩፓው ከሥር ይቀራል። እኔ ግን ለቀማውን እወደዋለሁ። ለብቻቸው ሣህን ላይ አስቀምጣቸዋለሁ፤ ምንም አይበሉም። በሳምንት ወይ በሁለት ሳምንት ነጭ ጥንዚዛ ይወጣል፤ ከነጭ ወደ ቡና ዓይነት፣ ከዚያ ወደ ጥቁር ይዞራል። እዚህ ላይ አንድ ስስት አለ፣ ከእሱ ተጠበቂ። ሰው ወፍራም ወፍራሙን እየመረጠ ያበላና የቀረውን ቀጫጫ ለዘር ይተዋል። አንድ ሁለት ዓመት እንዲህ ካደረግሽ ሳጥንሽ በሙሉ ቀጫጫ ይሆናል። እኔ ከየሳጥኑ ቀድሞ ፒዩፓ የሆነውን ነው ለዘር የምይዘው።

ባለዶሮዋ፦ ኮርማ እንደ መምረጥ።

ባለትሉ፦ እሱኑ።

ባለዶሮዋ፦ ይሄ ሁሉ ልፋት ለወፍ ነው? አይቆጡኝ እንጂ…

ባለትሉ፦ አልቆጣም፣ የሚጠይቀኝ ብዙ ነው። ብሉበርድ ይሉታል፤ ጀርባው ሰማያዊ ደረቱ ሸክላ መሳይ። በዛፍ ሽንቁር ውስጥ ነው የሚጥለው፤ ራሱ መሰርሰር ስለማይችል ሌላ የተወውን ይፈልጋል። ከአውሮፓ አምጥተው የለቀቁት ድንቢጥና ስታርሊንግ ሽንቁሩን ነጠቁት። ስታርሊንግን በ1890 ኒው ዮርክ መናፈሻ ውስጥ የለቀቁት ሰዎች ምን ያህል ጣጣ እንደሚያመጡ አልገባቸውም። ከዚህ ብዙም ሳይርቅ ቤልትስቪል የመንግሥት የግብርና ምርምር ጣቢያ አለ። ላውረንስ ዘለኒ የሚባሉ የግብርና ኬሚስት እዚያ የእንጨት ጎጆ እየሰቀሉ ወፉ እንዲመለስ ደከሙ፤ በ1978 የሰሜን አሜሪካ ብሉበርድ ማኅበርን መሠረቱ። ዛሬ ጓሮ ውስጥ ጎጆ የሚሰቅለው ሁሉ የሳቸው ተከታይ ነው። እኔም ጡረታ ስወጣ ከጎረቤቴ ተምሬ ሰቀልኩ።

ባለዶሮዋ፦ በዚህ በረዶ አይሰደድም?

ባለትሉ፦ ከሰሜን ያሉት ይወርዳሉ፣ የእኛዎቹ ብዙዎቹ እዚሁ ይከርማሉ። ነፍሳት ሲጠፋ የዱር ፍሬ ይለቅማሉ። ፍሬውን በረዶ ሲጠቀልለው ግን ችግር ነው፤ ትሉ የሚያስፈልገው እንዲህ ባለው ቀን ነው። ሌላ ጊዜ ትንሽ ነው የምሰጠው፣ እፍኝ አይሞላም። ትል ብቻ የበላ ወፍ ይጎዳል፣ ካልሲየም የለውማ። ጫጩት ሲኖራቸው የተፈጨ የእንቁላል ቅርፊት ነስንሼበት ነው የማወጣው።

ባለዶሮዋ፦ በሉ እንግዲህ ወደ እኔ ዶሮ እንምጣ። ኢንተርኔት ላይ ያየሁት ግማሽ ያህሉ ፕሮቲን ነው ይላል። የመኖ ዋጋ ምን እንደደረሰ ቢያውቁ! አኩሪ አተሩ፣ ፋጉሎው…

ባለትሉ፦ ደርቆ ሲመዘን ግማሹ ፕሮቲን መሆኑ ልክ ነው፤ ከቀሪው አብዛኛው ስብ ነው። ግን ወረቀት አምጪና እናስላው። 500 ዶሮ በቀን ስንት ይበላል?

ባለዶሮዋ፦ 60 ኪሎ ገደማ።

ባለትሉ፦ ከዚያ ውስጥ 5 በመቶውን በደረቅ ትል ልተካ ብትዪ?

ባለዶሮዋ፦ 3 ኪሎ። ያን ያህል አይደለም።

ባለትሉ፦ ቆይ። ከትሉ ከስልሳ በመቶ በላይ ውኃ ነው። 3 ኪሎ ደረቅ ለማግኘት 8 ኪሎ ያህል እርጥብ ያስፈልግሻል። አንድ ኪሎ ከ8,000 ትል አያንስም።

ባለዶሮዋ፦ 64,000… በቀን?

ባለትሉ፦ በቀን። እያንዳንዱ ለመድረስ ሦስት ወር ይፈልጋል። ስለዚህ የዛሬውን 64,000 ስታነሺ ከኋላው የዘጠና ቀን ወረፋ መቆም አለበት።

ባለዶሮዋ፦ 5 ሚሊዮን 760 ሺህ። ኧረ በስመ አብ!

ባለትሉ፦ ገና ነው። አንድ ኪሎ ትል ሁለት ኪሎ ያህል መኖ ይበላል፤ ለ8 ኪሎው በቀን 16፣ 17 ኪሎ ፉርሽካ። ፉርሽካው ደግሞ እናንተ ዘንድ የወተት ላሟም የደላቢው በሬም ቀለብ ነው፤ በነፃ የሚገኝ ነገር አይደለም። ፈረንሳይ ውስጥ ኢንሴክት የተባለ ኩባንያ በ2011 ተቋቁሞ በመቶ ሚሊዮኖች የሚቆጠር ዩሮ ሰብስቦ ለትል ግዙፍ ፋብሪካ ሠራ፤ በ2024 ከአበዳሪዎቹ እንዲጠብቀው ፍርድ ቤት ሄደ። ገንዘብም መሐንዲስም አላነሰውም። ትሉ ዘገምተኛ ነው፣ ቀለቡም እህል ነው፤ ከአኩሪ አተር ጋር በዋጋ መፎካከር ይከብደዋል።

ባለዶሮዋ፦ እና የአውሮፓ ሰዎች ራሳቸው ይበሉታል የሚባለውስ?

ባለትሉ፦ የአውሮፓ ኅብረት በ2021 ደርቆ ለምግብነት እንዲሸጥ ፈቅዷል፤ በዚያው ዓመት የነፍሳት ፕሮቲን ለዶሮና ለአሳማ መኖ እንዲገባም ፈቀደ። እኛ ግን ዘሌዋውያን የፈቀደልንን አንበጣ እንኳ ስንበላ አልታየንም፤ ይሄ ለእኛ ገበታ አይደለም።

ባለዶሮዋ፦ ፕላስቲክ ይበላል ሲባልስ ሰምቻለሁ። ቢሾፍቱ ላይ የሚጣለውን ፕላስቲክ ቢያበሉልን!

ባለትሉ፦ ስታይሮፎም ነው፣ ያ ነጭ የዕቃ መጠቅለያ። በ2015 የስታንፎርድና የቤጂንግ ተመራማሪዎች አሳይተዋል፤ እውነት ነው። ግን መጠኑን እዪው፤ 100 ትል በቀን ከ34 እስከ 39 ሚሊግራም ነው የበላው። ጎበዝ ተማሪ ለትምህርት ቤት ኤግዚቢሽን ያቅርበው። ለዶሮሽ የሚሆነውን ግን ፉርሽካ አብዪ።

ባለዶሮዋ፦ ተስፋ አስቆረጡኝ ማለት ነው።

ባለትሉ፦ ከ500ው ነው ተስፋ ያስቆረጥኩሽ። የጓሮ ዶሮ የለሽም?

ባለዶሮዋ፦ አሉ፣ አሥራ አምስት የሚሆኑ የሀበሻ። ራሳቸው እያስፈለፈሉ ነው የሚረቡት። ጫጩቶቹ መጀመሪያ ሰሞን ነው የሚያልቁብኝ።

ባለትሉ፦ ለእነሱ ይሆናል። ለጫጩት ትንንሹን ትል፣ ለእናቲቱ ትልቁን፣ በቀን ጥቂት ጥቂት። ከዋናው መኖ ጋር እንጂ በምትኩ አይደለም። ወንፊት ላይ የሚወርደው ኩስ ደግሞ እንደ አሸዋ ደቃቅና ደረቅ ነው፤ ለጎመንሽና ለቃሪያሽ ጥሩ ማዳበሪያ ነው። ብዛት ከፈለግሽ ግን ሌላ ነፍሳት ፈልጊ። ጥቁር ወታደር ዝንብ የሚሉት አለ፤ የእሱ እጭ የገበያ ጥራጊ፣ የበሰበሰ ፍራፍሬ ይበላል፣ በሁለት ሳምንት ገደማ ይደርሳል። ናይሮቢ ያለው የነፍሳት ምርምር ማዕከል፣ ኢሲፔ፣ ለዶሮ መኖ ብዙ ሠርቶበታል። እኔ አንቺን ብሆን ለ500ው እሱን ነበር የምጠይቀው። ይሄኛው በፉርሽካና በትዕግሥት የሚኖር የቤት እንስሳ ነው።

ባለዶሮዋ፦ ግን ጋሼ፣ ይሄን የመሰለ ጥቁር ጥንዚዛ የዶሮ ቤቴ ጉዝጓዝ ውስጥ አይቻለሁ። ያንኑ ሰብስቤ ላርባው?

ባለትሉ፦ እንዳትሞክሪው! ያ ዘመዱ ነው እንጂ እሱ አይደለም፤ አነስ ይላል። ጉዝጓዝ ውስጥ ኩስና የሞተ ዶሮ እየበላ ሳልሞኔላና ሌላም በሽታ ከአንዱ መንጋ ወደ ሌላው ያዞራል። የበዛ እንደሆነ ጉዝጓዙን አውጪ። የምታረቢውን ትልም ከዶሮ ቤቱ አርቀሽ፣ በሌላ ክፍል አድርጊው። ጠረጴዛውን በአራት የውኃ ጣሳ ላይ አቁሚው፣ አለዚያ ጉንዳን ያገኘዋል። ትሉስ በለስላሳ ፕላስቲክ ላይ አይወጣም፣ ክዳን የሚያስፈልገው ለአይጥ ነው፤ ክዳኑን ቀደሽ ወንፊት ለጥፊበት፣ አየር ይግባ።

ባለዶሮዋ፦ ይሄ ማስክ የእርስዎ ነው?

ባለትሉ፦ ስነፋ አደርገዋለሁ። ኩሱና የገፈፈው ቆዳ አቧራ ይሆናል፤ ዓመታት የሠራበት ሰው አስም የሚቀሰቅስበት አለ። አንቺ በፊትም የዶሮ አቧራ እየማግሽ ነው የምትውዪው፤ አደራ፣ ያለ ማስክ ወንፊት እንዳታነሺ። ሽሪምፕ የሚያሳክከው ሰው ካለ ደግሞ ጭራሽ አይንካው።

ባለዶሮዋ፦ እሺ፣ ስሄድ ጥቂት ጥንዚዛ በብልቃጥ ይስጡኝ።

ባለትሉ፦ አልሰጥሽም። የእህል ተባይ መሆኑን አትርሺ፤ በሻንጣ ተደብቆ ድንበር አይሻገርም፣ ፈቃድ አለው። ደጃፍሽ ላይ የደብረ ዘይት ግብርና ምርምር ማዕከል አለ፤ የእንስሳት ሕክምና ኮሌጁም እዚያው ቢሾፍቱ ነው። ዘሩ በሕግ የሚገኝበትን መንገድ መጀመሪያ እዚያ ጠይቂ።

ባለዶሮዋ፦ ተገኘ እንበል። መቼ ልጀምር?

ባለትሉ፦ ክረምቱ ወጥቶ ፉርሽካው ሲደርቅ። መስከረም።

ባለዶሮዋ፦ መስከረም 1 ጥንዚዛው ገባ። ሁለት ሳምንት ይጥላል፣ በአሥር ቀን ይፈለፈላል፣ አሥራ ሁለት ሳምንት ያድጋል… ታኅሣሥ አጋማሽ። ለገና ይደርስልኛል!

ባለትሉ፦ ያ በ26 ዲግሪ ነው። የኅዳሩ ሌሊት ክፍሉን ከ20 በታች ካወረደብሽ ጥምቀትም አይደርስ።